የፋጡማ አሻራ በባዶ ወረቀት ላይ

ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ከሰዓት በኋላ መተኛት ለምጃለሁ። ድሬዳዋ ላይ ሰው በዚያ ሰዓት ቢነቃም ነቅቷል አይባልም። ሙቀቱ ዓይን ያስከድናል፤ የጎረቤት ሬዲዮ ሲያወራ ይሰማል፣ ምን እንደሚል ግን አይታወቅም። በዚያ በእንቅልፍና በንቃት መሃል ሰዎች ይመጡብኛል። የድሮው ፍርድ ቤት ኮሪደር ላይ፣ ረጅሙ አግዳሚ ወንበር ላይ ተደርድረው ይቀመጣሉ። ሁሉም የሰጡት ቃል እስኪነበብላቸው ይጠብቃሉ። ከመሃላቸው አንዲት ጆሮዋ በፋሻ የታሰረ ሴት ቀና ትልና፣ "የሺ፣ የኔ መች ነው?" ትለኛለች። ወረቀቷን ፈልጌ አገኘዋለሁ። ገልብጬ ሳየው ባዶ ነው፤ ከግርጌው አንድ የአውራ ጣት አሻራ ብቻ አለ። ሁልጊዜ እዚህ ላይ ስደርስ እነቃለሁ።

በቅርቡ የድሮ መሥሪያ ቤቴ ልጆች ጋብዘውኝ ሄጄ ነበር። አሁን ችሎቱ ውስጥ ድምፅ መቅጃ አለ። ምስክር ቢያስል ሳሉ ይቀዳል፤ ዝም ቢልም ዝምታው ይቀዳል። አንዷ ጸሐፊ፣ ጥፍሯን ቀይ የተቀባች ደስ የምትል ልጅ፣ "እማማ የሺ፣ እናንተ በእጃችሁ ነበር የምትጽፉት? ሰውየው ፈጥኖ ሲያወራስ?" አለችኝ። "እናሳጥረው ነበር" አልኳት። ሳቀች። እኔ ግን አልሳቅኩም። ቤቴ ስገባ ይህን ለመጻፍ ወሰንኩ።

ያደግሁት ለገሃሬ፣ ባቡር ጣቢያው ሰፈር ነው፤ አባቴ ባቡር ላይ ፍሬን ያዥ ነበር። በቀኛችን የሶማሌ ቤተሰብ፣ በግራችን የኦሮሞ፣ ፊት ለፊታችን የሐረሪ ቤት ነበር። ገመድ ስንዘል እንኳ የምንቆጥረው በሦስት ቋንቋ ነበር። ታይፕ ተምሬ አውራጃ ፍርድ ቤት ስቀጠር ደርግ ገና ዓመት ከመንፈቁ ነው። ታይፒስት ተብዬ ገባሁ፣ ቋንቋ መቻሌ ሲታወቅ ችሎት ጸሐፊ አደረጉኝ፤ አስተርጓሚ ሲጠፋም አስተርጓሚ። ደመወዙ ለሦስቱም ያው አንድ ነበር።

ዳኞቻችን ከየአገሩ እየመጡ የሚሄዱ ነበሩ። ድሬ ላይ ደግሞ አንቱ ብሎ ነገር የለም፤ ሽማግሌውም ሕፃኑም አንተ ነው። ከመሃል አገር የመጡ አንድ ዳኛ ይህ ነገር እንቅልፍ ነሳቸው። "ፍርድ ቤቱን አንቱ በል!" ብለው አንድ የግመል ነጋዴ ቢቆጡ፣ ሰውየው ግራ ገብቶት፣ "አቦ አንተ ዳኛ፣ ምን አስቀየምኩህ? ወላሂ ወድጄህ ነው እኮ" አላቸው። እኚያ ዳኛ ዓመት ሳይሞላቸው እሳቸውም ሁሉን አንተ ማለት ጀመሩ።

ሥራውን ያስተማረኝ ግን አው ዩሱፍ ነው። አው ሐረሪዎች ትልቅ ሰው የሚጠሩበት ነው። አው ዩሱፍ የፍርድ ቤቱ አስተርጓሚ ነበር፤ ቀጭን፣ ነጭ ኮፊያ የሚያደርግ፣ ድምፁን ከፍ ሲያደርግ ሰምቼው የማላውቅ ሰው። ምስክር ሲመጣ ወንበሩን ለምስክሩ ይለቅና ራሱ ዝቅ ያለች በርጩማ ላይ ይቀመጣል። "ከላይ ሆኜ ከጠየቅኩት ለኔ ብሎ ነው የሚያወራው" ይል ነበር። ምስክሩ ተናግሮ ሲጨርስ፣ የችሎት ማስታወሻው በንጹህ ወረቀት እስኪገለበጥ ኮሪደር ላይ ይጠብቃል። ከዚያ አው ዩሱፍ በምስክሩ ቋንቋ እየመለሰ ያነብለታል፣ አንድ ዓረፍተ ነገር አንብቦ ይቆማል። መነጽሩን አውልቆ በሸሚዙ ጫፍ እየጠረገ ይጠብቃል። ምስክሩ "ቃሌ ነው" እስኪል ወደሚቀጥለው አያልፍም። "አይ፣ እንዲህ አላልኩም" ካለ በአንድ መስመር ይሰርዝና ያስተካክላል። ሁሉም ካለቀ በኋላ ነው አሻራ የሚያስነሳው። አውራ ጣቱን ራሱ ይዞ ከግራ ወደ ቀኝ ያንከባልለዋል፣ ከዚያ ጋዝ በነካው ጨርቅ ቀለሙን ይጠርግለታል። ሚኒስትርም ቢሆን ከሰል ሻጭም ቢሆን ጣቱን ሳይጠርግለት አይሰድም።

እኔ ደግሞ ወጣት ነበርኩ፣ ቆንጆ ጽሕፈት ነበረኝ፣ ይህንንም አውቅ ነበር። ምስክሩ ወዲያ ወዲህ ሲል እኔ ጨምቄ በሦስት መስመር አስቀምጠዋለሁ። ዳኞቹ ይወዱልኛል። "የየሺ ጽሑፍ ንጹህ ነው" ይሉ ነበር። አው ዩሱፍ ግን አንድ ቀን የገለበጥኩትን የአምስት ምስክር ቃል አንብቦ ሲያበቃ፣ "አንቺ ልጅ፣ አምስቱም ሰዎች አንቺን መስለዋል" አለኝ። የሱ ጽሑፍ ላይ ሰዎች ያስላሉ፣ ይደጋግማሉ፣ "እዚህ ላይ ዝም አለ" የሚል መስመር አለ። ያኔ ቀንቶብኝ መስሎኝ ለሁለት ቀን አኮረፍኩት።

ፋጡማ ከከተማው ወጣ ያለው የመልካ ጀብዱ መንደር ሴት ናት፣ ወተት ሻጭ። ጠዋት በጭነት መኪና ወተቷን ይዛ ትመጣለች፣ ሸጣ ትመለሳለች። አንድ ቀን ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ የደቻቱን ደረቅ ወንዝ አሸዋ ስትሻገር፣ አንድ ሰው ጩቤ አውጥቶ ሁለቱን የወርቅ ጉትቻዎቿን ቀማት። አንዱን ሲጎትተው ጆሮዋ ተሰነጠቀ። እሷ ስትጮህ የቀበሌ ጥበቃዎች ደርሰው፣ አሸዋው ላይ ሲሮጥ ያገኙትን አንድ ሰው ያዙ። ጀማል ይባላል፣ ባቡር ጣቢያ ፉርጎ የሚያራግፍ ወዛደር። "ለሥራ ዘግይቼ ነው የምሮጠው" አለ። ጩቤም ጉትቻም አልተገኘበትም።

ወንጀሉ ውንብድና ስለሆነ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ነው የሚያየው። ከዚያ በፊት ግን እኛ ዘንድ ቀዳሚ ምርመራ ይደረጋል፤ የምስክሮች ቃል በዳኛ ፊት ተመዝግቦ ፋይሉ ወደ ላይ ይተላለፋል። ፋጡማ ቃሏን ልትሰጥ የመጣችበት ሐሙስ አው ዩሱፍ ለለቅሶ ሐረር ሄዶ ነበር። አስተርጓሚዋም ጸሐፊዋም እኔ ሆንኩ።

ጆሮዋ በፋሻ ታስሯል፣ ሻሿን በላዩ ጣል አድርጋለች። ጀማል ተከሳሽ ሳጥን ውስጥ ቆሟል፤ እናቱ ኑሪያ በር ላይ። ዳኛው፣ "ይሄ ሰው ነው?" ብለው ጠየቁ። ፋጡማ አተኩራ አየችው። ከዚያ በኦሮምኛ፣ ቀስ ብላ፣ የምትለውን እየመዘነች ተናገረች። እኔ ለዳኛው መለስኩት። እስከዚያ ድረስ አንድም ስህተት አልሠራሁም። ጀማልም ስትናገር ሲሰማ ትከሻው ረገብ ሲል አይቼዋለሁ።

ስህተቱ የመጣው በኋላ ነው። ሐሙስ ስምንት ሰዓት የውይይት ክበብ አለ። ዳኛ የለ፣ ጸሐፊ የለ፣ ተላላኪ የለ፣ ሁሉም ገብቶ በራሪ ጽሑፍ ሲነበብ እያንጎላጀ መስማት አለበት። የቀረ ስሙ ይያዛል። የፋጡማን ቃል ገልብጬ ለማንበብ ከውይይት በኋላ አሥር ሰዓት ሊሆን ነው። የመልካ ጀብዱ መኪና ደግሞ ዘጠኝ ሰዓት ነው የሚሄደው። ኮሪደሩ ላይ ተቀምጣ አየኋት፤ ፋሻው ላይ ደም መልሶ ወጥቷል፣ ዝንብ ያስቸግራታል።

"ላሞቼ አልታለቡም" አለችኝ። "መኪናው ካመለጠኝ በእግሬ ነው።"

አዘንኩላት፣ ከልቤ አዘንኩላት። ንጹህ ፉልስካፕ ወረቀት አወጣሁ፣ ቀለሙን ከፈትኩ፣ አውራ ጣቷን ይዤ ከግርጌው ላይ አሳተምኳት። ከአሻራው በላይ ያለው ወረቀት በሙሉ ነጭ ነበር።

"እኔ እጽፈዋለሁ፣ አንቺ ሂጂ" አልኳት።

ጣቷን አየችው፣ ወረቀቱንም አየችው። "ያልኩትን ትጽፊያለሽ?"

"ያልሽውን እጽፋለሁ።"

"ሀዬ፣ እሺ" ብላ ሻሿን አስተካክላ ሄደች። ጣቷን ሳልጠርግላት እንደሄደች ትዝ ያለኝ በሩ ከተዘጋ በኋላ ነው።

ከውይይቱ ስመለስ ቢሮው ጭር ብሏል። ማራገቢያው ይዞራል፣ ነፋሱ ግን ሙቅ ነው። ከጣቢያው በኩል የባቡር ፊሽካ ይሰማል። ማስታወሻዬን ዘርግቼ በዚያ ነጭ ወረቀት ላይ መጻፍ ጀመርኩ። ስለ ጀማል ያለችው ላይ ስደርስ እጄ ቆመ። የፋጡማ ቃል ረጅም ነበር፣ ወዲያም ወዲህም ይላል። ወረቀቱ ደግሞ አንድ ገጽ ነው፣ አሻራው ከግርጌው ነው፣ ከሱ በላይ መግባት አለበት። ያ የተሰነጠቀ ጆሮ ዓይኔ ላይ ነበር። የቀማት እሱ እንደሆነ በልቤ ጨርሻለሁ። እና እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦ "ተከሳሹን በአካል አቋሙ ለይቼ አውቀዋለሁ።" ቆንጆ፣ አጭር መስመር። ያገዝኳት መስሎኝ ደስ አለኝ። ደግሞስ ምን ቸገረኝ፣ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ስትቀርብ በራሷ አፍ ትናገር የለ? ዳኛው በማግስቱ ከተቆለለው ወረቀት ጋር ፈረሙበት። ብዙም ሳይቆዩ ወደ ሌላ ክፍለ ሀገር ተዛወሩ።

ክረምቱ ሲወጣ መልካ ጀብዱ ላይ ወባ ገባ። አንድ ጠዋት የጀማል እናት ኑሪያ፣ በራችን ላይ በዘይት የተጠበሰ ባጅያ የምትሸጠው፣ እጇን በሽርጧ እየጠረገች ገባች። አው ዩሱፍና እኔ ነበርን።

"ያቺ ወተት ሻጭ ሞታለች አሉ" አለች፣ ዓይኗን መሬት ላይ ተክላ። "አላህ ይማራት። ያ ረቢ፣ በሰው ሞት ደስ ብሎኝ አያውቅም፣ አሁንም አላለኝም። ግን ከሳሿ ከሞተች ክሱ ይቀራል አይደል? ልጄ ይወጣል?"

አው ዩሱፍ በርጩማውን ሳበላት። "ኑሪያ፣ ስሚኝ" አላት። "ሰው ሰውን ቢሰድብ፣ የተሰደበው ራሱ አቤት ካላለ መንግሥት አይከስም። እንዲህ ያለው ነገር ባለቤቱ ሲሞት ሊቀር ይችላል። ይሄ ግን ውንብድና ነው። ፋጡማ ተበዳይ ነች እንጂ ከሳሹ መንግሥት ነው፣ መንግሥት ደግሞ አይሞትም። እሷ መቅረብ ስላልቻለች እዚህ ዳኛ ፊት የሰጠችው ቃል ይነበባል።"

ኑሪያ ፊቷ በራ። "ይነበብ! በሩ ላይ ቆሜ ሰምቻታለሁ እኮ። እሱ ነው አላለችም። እውነተኛ ሴት ነበረች፣ ጀነት ያግባት።"

እኔ ብዕሬን አስቀመጥኩ። ፋጡማ በሕይወት እስካለች ያ ወረቀት ረቂቅ ነበር፣ እሷ ቀርባ ታስተካክለዋለች። አሁን ግን ፋጡማ ማለት ያ ወረቀት ብቻ ሆነ።

ምሳ ሰዓት ላይ ግቢው ውስጥ ከሮቃው ዛፍ ሥር ለአው ዩሱፍ ሁሉን ነገርኩት። ይቆጣኛል ብዬ ነበር። መነጽሩን አውልቆ ጠረገ፣ መልሶ አደረገ።

"ይሄን ለኔ አይደለም የምትነግሪው" አለ።

"ያስሩኛል።"

"ሊያስሩሽ ይችላሉ።"

"አሻጥር ነው ይሉኛል፣ አው ዩሱፍ። አባቴ ታሟል፣ እኔ ነኝ ያለሁለት።"

"አውቃለሁ" አለ። "ጀማልም ታስሯል።" ጀርባዬን መታ መታ አድርጎ ወደ ሥራው ገባ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ቀጠሮው እስኪደርስ ድረስ በእንቅልፍ ልቤ የምሄድ ይመስለኝ ነበር። በየጠዋቱ ዛሬ እናገራለሁ ብዬ እወጣለሁ፣ ሳልናገር እመለሳለሁ። ኑሪያ በር ላይ ባጅያ እንካችሁ ስትል ሌላ በር ፈልጌ እገባለሁ። እውነቱን ለመናገር ፈሪ ነበርኩ። ስለራሴ የማፍረው ወረቀቱን ስላሳመርኩበት ቀን ብቻ አይደለም፣ ስለነዚያ ሳምንታትም ነው።

ከፍተኛው ፍርድ ቤት ድሬ መጥቶ ያስችል ነበር። ፋይሉን ይዤ የገባሁት እኔ ነኝ፣ ግድግዳው ሥር ቆምኩ። አው ዩሱፍ ለተከሳሹ ያስተረጉማል። ዐቃቤ ሕጉ ተበዳይዋ መሞቷን አስመዝግቦ ቃሏ በማስረጃነት እንዲነበብለት ጠየቀ፣ ተፈቀደ። የዚያ ፍርድ ቤት ጸሐፊ የኔን ቆንጆ ጽሑፍ አነበበው። "ተከሳሹን በአካል አቋሙ ለይቼ አውቀዋለሁ" ሲል አው ዩሱፍ ወደ ኦሮምኛ መለሰው። እንደተጻፈው፣ ሳይጨምር ሳይቀንስ።

ጀማል መጀመሪያ የሰማውን ያመነ አይመስልም። ከዚያ ሳጥኑን በሁለት እጁ ያዘ።

"እንዲህ አላለችም!" አለ፣ በራሱ አማርኛ። "ወላሂ እንዲህ አላለችም! ያቻት የሺ፣ እሷ ናት የጻፈችው፣ ጠይቋት! አቦ የሺ፣ አንቺ ሰምተሻል እኮ!"

ኑሪያ ከኋላ መጮህ ስትጀምር ፖሊስ ዝም አሰኛት። የመሃል ዳኛው ወደኔ ዞሩ። ሽበታም፣ ድምፃቸው ዝግ ያለ ሰው ነበሩ።

"አንቺ ነሽ የጻፍሽው?"

"እኔ ነኝ።"

"ለሟች ተነብቦላታል?"

አዎ ማለት አንድ ቃል ናት። አባቴን አሰብኩ፣ እስር ቤቱን አሰብኩ። ሳላስበው አው ዩሱፍን አየሁት። እሱ አላየኝም። መነጽሩን አውልቆ በሸሚዙ ጫፍ እየጠረገ ነበር። ለማንኛውም ምስክር የሚጠብቀውን ያህል እየጠበቀኝ ነበር።

"አልተነበበላትም" አልኩ። "አሻራዋን ያሳተምኩት ባዶ ወረቀት ላይ ነው። የጻፍኩት እሷ ከሄደች በኋላ ነው። እንዲህም አላለችም።"

ዐቃቤ ሕጉ ተነስቶ ጮኸ፣ ተከላካይ ጠበቃው ተነስቶ ጮኸ። ፀጥታ ሲሆን፣ "ያለችውን አስታውሳለሁ፣ ልናገር?" ብዬ ጠየቅኩ። ከቃል እስከ ቃል አፌ ላይ ነበር።

የመሃል ዳኛው ብዙ አዩኝ። "ልጄ፣ በጽሑፍ ያበላሸሽውን በቃል እንዴት አድርጌ ልመንሽ?" አሉ።

ወረቀቱ ከማስረጃነት ተሰረዘ። ሌላ ማስረጃ ስላልነበረ ጀማል በነፃ ተለቀቀ። ኑሪያ አቅፋው ስትወጣ በአጠገቤ አለፈች፤ አልሰደበችኝም፣ አላመሰገነችኝም። እኔም ምስጋና አይገባኝም ነበር። ሰው ሁሉ ተደሰተ፣ እኔ ግን የማስበው ፋጡማን ነበር። ፋጡማ ስትሞት ክሷ አልሞተም ነበር። በሕጉ ቃሏ ቆሞ ይናገርላት ነበር፤ ጥርጣሬዋም ሐቋም እንዳለ ቀርቦ ዳኛ ይመዝነው ነበር። ያን ቃል የገደልኩት እኔ ነኝ። ጉትቻዋን የቀማት ማን እንደሆነ እስከዛሬ አይታወቅም።

አላሰሩኝም። ራሴ በመናገሬ ታስቦልኝ፣ በደመወዜ ተቀጥቼ ወደ መዝገብ ቤት ተዛወርኩ። መዝገብ ቤት ማለት ምድር ቤት ያለ፣ ከጣራው ሥር ባሉ ትንንሽ መስኮቶች ብርሃን የሚገባበት ረጅም ክፍል ነው። አቧራው በዚያ ብርሃን ውስጥ ቀኑን ሙሉ ይንሳፈፋል። ስድስት ዓመት እዚያ ተቀመጥኩ። አው ዩሱፍ በየቀኑ እየወረደ ይጠይቀኝ ነበር። በኋላ ወደ ችሎት መልሰውኝ እስከ ጡረታዬ ሠርቻለሁ፤ ከዚያ በኋላ ሳይነበብለት ከፊቴ የተነሳ ሰው የለም። ያም ሆኖ ከሥራ ዘመኔ ሁሉ አንዲት ቀን ለራስሽ ያዢ ብባል የምይዘው ከዚያው ከምድር ቤቱ ነው።

መዝገብ ቤት በገባሁ በዓመቱ፣ አንድ ጠዋት አንዲት ወጣት ሴት የወተት ጀሪካን ይዛ ደረጃውን ወረደች። ሩቂያ እባላለሁ አለችኝ፣ የፋጡማ ልጅ። ልትጨቃጨቀኝ የመጣች መሰለኝ።

"እናቴ ፎቶ የላትም" አለች። "አንድም ቀን ተነስታ አታውቅም። ጣቷ እዚህ አለ አሉኝ። ላየው ነው የመጣሁት።"

ፋይሉን አውርጄ አቧራውን ጠረግኩ። ወረቀቱ ላይ በቀይ "ተሰርዟል" የሚል ማኅተም አርፎበታል። ከግርጌው የፋጡማ አውራ ጣት፣ ጥቁር፣ ጥርት ያለ፣ መስመሩ ሁሉ የሚታይ። ሩቂያ ጎንበስ ብላ አየችው። እንዳይጠፋባት የፈራች ይመስል ሳትነካው ጣቷን በላዩ አንዣበበች።

"እኔ ማንበብ አልችልም" አለች። "ከላዩ ያለው የሷ ነው?"

"አይደለም" አልኳት። "ከላዩ ያለው የኔ ነው። እኔ ነኝ ያበላሸሁት።"

ቀና ብላ አየችኝ። ከፈለገች ትደበድበኝ ብዬ ቆምኩ። "እሷስ ምን አለች?" አለች።

ወንበሬን ለቀቅኩላት፣ እኔ የፋይል ሳጥን ላይ ዝቅ ብዬ ተቀመጥኩ። ዳኛ የለም፣ ዐቃቤ ሕግ የለም። በኦሮምኛ፣ ፋጡማ እንዳለችው፣ ንግግሯን ገታ ባደረገችበት ቦታ ሁሉ እየገታሁ ነገርኳት።

"ፀሐይዋ ከጀርባው ነበረች። ፊቱን አላየሁም።" ጠበቅኳት።

"ሲሮጥ ግራ ትከሻው ዘንበል ይል ነበር። የዚህ ልጅም ትከሻ ዘንበል ይላል።" ጠበቅኳት። እጇን አፏ ላይ አድርጋለች።

"ግን የወዛደር ሁሉ ትከሻ ዘንበል ይላል። እሱ ነው ብዬ ብምል አላህ ይጠይቀኛል። አይደለም ብዬ ብምልም ይጠይቀኛል። ጆሮዬ ይድናል፣ ወርቁም ይቅር። እኔ ያየሁትን ተናገርኩ፣ ያላየሁትን እናንተ ፈልጉ።"

ሩቂያ በእንባዋ መሃል ሳቀች። እናቷን እዚያው ክፍል ውስጥ፣ ከፊቷ ያየቻት ይመስለኛል። ዓይኗን ጠርጋ ወደኔ ዞረች።

"ቃሏ ነው" አለች።